አሥራ አራተኛው መስኮት

ሻርጃ፣ ከሐይቁ ዳር፣ ከሠላሳ ፎቅ ሥር፣
አሥራ ስድስት መስኮት ሌቱን ሙሉ ስቆጥር፣
አንድ ኩባያ ከረክ፣ የሚያነክስ ወንበር፣
ይኸው ነው ሥራዬ፦ ማየት፣ አለመናገር።
ከዘበኛ ዘበኛ ሲዞር የከረመ የመርማሪ ልብወለድ
ጠረጴዛዬ ላይ፤ መጨረሻው ተቀዶ፣ ፍርዱ ሳይፈረድ።

ለይታይሽ የነገርኳት ግን እንዲህ አይደለም።
«የሌሊት ቢሮ ነው፤ ዩኒፎርም የለም፣
ፀሐይ አይነካኝም።»
(ይቺ እንኳ ሐቅ ናት፤ ፀሐይ አይቼ አላውቅም።)
ሸሚዜን ተኩሼ፣ ሽቶ ተቀብቼ
ማታ እወጣለሁ፤ ነዳጅ ማደያው ጋ
ሽንት ቤት ገብቼ
የዘበኛ ልብሴን እለብሳለሁ፣ ከፌስታል አውጥቼ።

እሷም ነግራኛለች፦ ሮላ፣ ልብስ ስፌት ቤት፣
የሠርግ ቀሚስ ጥልፍ፣ አንዲት ሕንድ እመቤት።
እጇ በረኪና፣ በረኪና ሲለኝ
«የጨርቁ ቀለም ነው» አለች፤ አመንኩ አልኩኝ።
መጠየቅ ፈርቼ ነው፤ ጠያቂ ይጠየቃል።
«ስንቅና ውሸት» ይላሉ፣ «እያደር ይቀላል»፤
የኛ ግን እንደ ራሰ ጋቢ፣ ውሎ ሲያድር ይከብዳል።

ጥር ላይ ነው፣ ሐሙስ፣ ከሌሊቱ ስምንት፣
አሥራ አራተኛው መስኮት፣ የዕቃ ማውጫው ሊፍት።
ባልዲ ይዛ ገባች ሰማያዊ ሽርጥ የታጠቀች ሴት፣
ሻርፗን ስታስተካክል ቀና አለች ድንገት።
ይታይሽ።
እናቷ ይህን ስም ምን አስባ ሰጠቻት?
ይኸው ለኔ ታየችኝ፤ እኔ ግን አልታየኋት።

ባልዲውን ገልብጣ ተቀመጠችበት፣
አሥራ ዘጠነኛ ፎቅ ላይ በቆመው ሊፍት
ግማሽ ዳቦ በላች፤ ግማሹን ጠቅልላ
አሸለበች፣ አፏን ከፍታ፣ እቤት እንደምትተኛው ጭንቅላቷን ጥላ።
ልወጣላት ብዬ ብድግ አልኩ፤ ደረቴን አየሁት፣
ስሜን፣ በፕላስቲክ፣ ከኪሴ በላይ የሰኩት።
ቁጭ አልኩ። ተውኩት።

ሲነጋ አጠፋሁት የአሥራ አራትን ቅጂ።
«ለክብሯ ነው» አልኩኝ። ለክብሬ ነው እንጂ።
በማግስቱም እንዲሁ፤ ወር ሞላኝ ሳጠፋት።
ቁርስ ላይ «ጥልፉስ?» ብዬ ስጠይቃት
«ሰው በዛ» ትለኛለች።
«ቢሮስ?»
«ደህና» እላታለሁ፣ እንቁላሉን ስከፍላት።

መጋቢት ላይ፣ ከአሥራ ዘጠነኛው ፎቅ፣ ሦስት የወርቅ አምባር ጠፋ።
ጽዳቶቹን አሰለፏቸው፤ አንዷ ስታለቅስ አንዷ ስትለፋ
ይታይሽ አልፈራችም።
«ሊፍቱ ውስጥ ነበርኩ፣ ባልዲዬ ላይ ተቀምጬ» አለች፣
«ከስምንት እስከ ስምንት ተኩል። ካሜራው አይቶኛል።
እሱን ጠይቁት፤ እሱ አይዋሽም።»

ወደ ምድር ቤት ይዘዋት ወረዱ።
በሩ ተከፈተ።
«አሥራ አራትን አሳየን» አለኝ መኮንኑ።
ከፈትኩ። ጥቁር።
ወደ ኋላ መለስኩ። ጥቁር።
«ማነው ያጠፋው?»
«ማሽኑ ነው» አልኩ። «ተበላሽቶ ነው።»

የማቀዝቀዣው ጉርምርምታ ብቻ ነበር የሚሰማው።
ይታይሽ ከጫማዬ ጀምራ፣ ቀስ እያለች፣
እስከ ኮፍያዬ አነበበችኝ፤ ስሜ ላይ ስትደርስ ቆመች።
ሰውዬው አስተያየቷን ልብ ብሎ ኖሮ
«ይህን ሰው ታውቂዋለሽ?»
«አላውቀውም» አለች።
ልታተርፈኝ ዋሽታ ይሁን፣ ወይ እውነቷን ይሁን፣
እስከ ዛሬ አልለየሁም።

አምባሮቹ ተገኙ፣ በአሥራ አንደኛው ቀን፣
ከልብስ ማጠቢያው ሥር፣ ከአንዲት የሕፃን ካልሲ ጋር።
አሥራ አንድ ሌሊት ታስራ ነበር።
ይቅርታ ያላት የለም፤ እኔንም ጨምሮ።
አጅማን ናት አሉኝ፤ ስፌት ቤት ገብታለች፣
የእውነት ስፌት ቤት፤ ሄጄ አላየሁም፤
ማመን ይሻለኛል ብያለሁ ለዛሬ።

ማታ ማታ አሁንም ሸሚዜን እተኩሳለሁ፣
ማን ሊያየኝ እንደሆነ እንጃ።
አሥራ አራተኛው መስኮት ደህና ይሠራል፤
ባዶ ሊፍት ይወጣል፣ ባዶ ሊፍት ይወርዳል።
አላጠፋውም።